እንስራ ምልክታችን የነበረ ጊዜ

ባለፈው ሳምንት የልጅ ልጄ ምንታምር እጄን ይዛ አዲሱ ሆቴል ድረስ ወሰደችኝ። ለከተማው ምክር ቤት ልትወዳደር ነው፤ ከጓደኞቿ ጋር ሆነው አንድ ቡድን አቋቁመዋል፣ ስብሰባቸውም እዚያ ነበር። «እማማ፣ አንቺ ከፊት ወንበር ላይ ብቻ ተቀመጪልኝ፤ ሰው አንቺን ሲያይ ደስ ይለዋል» ነው ያለችኝ። ጌጥ ልታደርገኝ ማለት ነው። ይሁን ብዬ ነጠላዬን አጣፍቼ ሄድኩላት። በሩ ጋ ስደርስ ግን እግሬ አልሄድም አለኝ። ከመስታወቱ በር ግራና ቀኝ ሁለት እንስራ ቆሟል፤ ቫርኒሽ ተቀብቶ ያብረቀርቃል፣ አፉ ድረስ አፈር ተሞልቶ ቀይ አበባ ተተክሎበታል። ጥበቃው «እማማ፣ ይግቡ እንጂ» ይለኛል፣ እኔ ጎንበስ ብዬ የእንስራውን ጆሮ እዳብሳለሁ። ጆሮውን ገመድ በልቶታል። ለይምሰል የተሠራ አይደለም፣ የሆነች ሴት ዕድሜ ልኳን ውኃ ቀድታበታለች። «ከየት አመጣችሁት?» ብዬ ብጠይቀው «ከገጠር ተገዝቶ ነው፣ ለዲኮር ነው እማማ» አለኝ። ለዲኮር! ሳቄ መጣ። እኔን አንጓችን፣ ጠላ ሻጯን፣ የከተማ ምክር ቤት ወንበር ላይ ያስቀመጠኝ እንስራ ነው። ከዚያ በፊት ደግሞ ጉድ ሊያደርገኝ ለጥቂት የቀረው እሱው ነው።

ንፋስ መውጫ ያኔ እንዲህ አልነበረችም። ባጃጅ የሚባል ነገር አልመጣም፣ ፎቅ የሚባል አልተሠራም። ዋናው መንገድ ላይ የጭነት መኪና ሲቆም ልጆች ጎማውን ሊያዩ ይሰበሰባሉ። ንፋሱ ግን ያው ነው፤ ያኔም ነጠላ ይገፍፍ ነበር፣ ዛሬም ይገፍፋል። መንግሥት ተለውጦ አዲሱ ገና ወንበሩን ያላሞቀበት ጊዜ ነው። ዓመተ ምሕረቱን የሚያውቅ ይቁጠረው፣ እኔ የማስታውሰው የአቡጀዲውን ዋጋ ነው። አንድ ጣሳ ጠላ በስሙኒ፣ ያውም ጣሳው ጫፉ ድረስ ሞልቶ። ሻይ በአሥር ሳንቲም። ጎረምሳው ሁሉ ከታች የሰፋ ቴትሮን ሱሪ ይለብሳል፣ ዘነጥኩ የምትል ሴት ናይለን ሻሽ ታስራለች፣ ገበሬው ኮንጎ ጫማውን ከተማ መግቢያው ላይ አውልቆ ከጭቃው አጥቦ እንደገና ያደርጋል። ከወፍጮ ቤቱ ማዶ ባለች ጥግ ላይ አንድ ሬዲዮ ጠጋኝ ነበር፤ ተጠገነ አልተጠገነ ለመሞከር እያለ ቀኑን ሙሉ ዘፈን ይለቃል፣ እኛም ሥራ የፈታን ይመስል እዚያ ጥግ ስንደርስ እርምጃችንን እናዘገያለን። ዛሬ እዚያ ጥግ ላይ የስልክ ካርድ ይሸጣል። ልጆቹ ዘፈኑን ጆሯቸው ውስጥ ወትፈው ይሄዳሉ፣ ለመንገደኛ አይደርሰውም።

እኔ የስማዳ ልጅ ነኝ፣ ወገዳ አጠገብ ነው የተወለድኩት። ባሌን ተከትዬ ንፋስ መውጫ ገባሁ፣ ባሌ በወባ ሞተብኝ፣ አንዲት ልጅና ሁለት ጋን ትቶልኝ ሄደ። ልጄ ዘውዴ ናት። በጋኖቹ ደግሞ ጠላ ጠመቅሁ። ደጄ ላይ እንጨት ተክዬ ጣሳ ደፋሁበት፤ የጌሾዬ ሽታ መንገደኛውን ከዋናው መንገድ ስቦ ያመጣው ነበር ብል ማጋነን አይሆንብኝም፣ የቀመሰ ያውቀዋል። ጠላ ደግሞ ውኃ ነው። ገብሱም ጌሾውም ኋላ የሚመጣ ነው፣ መጀመሪያ ውኃ ነው። የእኛ ላይ ሰፈር ውኃ አልነበረውም። ቧንቧው ታች ሰፈር ድረስ መጥቶ፣ ወፍጮ ቤቱ ጋ ደርሶ ቆሟል። ቦኖው እዚያ ነው፤ ግን የላይ ሰፈር ሴት እዚያ ተሰልፋ ተራ ስትጠብቅ ውኃው ይሄዳል፤ ስለዚህ እኛ ቁልቁል ወደ ምንጩ ነው የምንወርደው። መውረዱስ ይሁን፣ ሞልተው መውጣቱ ነው ጉዱ። ዳገቱ ድንጋይ ነው፣ ክረምት ላይ ሙጭልጭ ያደርጋል። እንዲህ ስል ስኖር አንድ ቀን ወገቤ ቀጭ አለ። ወጌሻው አሽቶ አሽቶ «አንጓች፣ ከእንግዲህ እንስራ ካነሣሽ ጎብጠሽ ነው የምትቀሪው» አለኝ። እኔ ካልቀዳሁ ማን ይቅዳ? ዘውዴ። ዘውዴ ከቀዳች ደግሞ ትምህርት የለም። ነገሩ ይኸው ነው፤ ወይ ውኃው ወደ እኛ ይወጣል፣ ወይ ልጄ ደብተሯን ትዘጋለች። ጠላውን ትቼ ምን እንብላ?

መምህር ይርጋ የሚባል የደብረ ታቦር ልጅ ትምህርት ቤታችን ያስተምር ነበር፤ ቀጭን፣ ችኩል፣ አንገቱ ላይ ሹራብ የማይለየው። ደንበኛዬ ነው፣ ግን አንድ ጣሳ ይዞ ማታ ድረስ የሚያወራ ዓይነት ደንበኛ። አንድ ቀን ገና ሳይቀመጥ ጀመረኝ።

«እትዬ አንጓች፣ ዘውዴ ሰሞኑን ሁለተኛው ክፍለ ጊዜ ላይ ነው የምትደርሰው። ፀጉሯ ርሶ፣ ቀሚሷ ርሶ። ደግሞ እሷ ብቻ አይደለችም፣ የላይ ሰፈር ሴቶች ልጆች በሙሉ እንዲሁ ናቸው።»

«እና ምን ላድርግ መምህር? ወገቤን ልስጥህ?»

«ለምክር ቤት ይወዳደሩ።»

መጀመሪያ ሰከረ አልኩ። ከዚያ ጣሳውን ሳየው አልተነካም። መደቡ ላይ ጋሽ ሰይድ ተቀምጠው ነበር፤ ጨርቅ ነጋዴ ናቸው፣ ሙስሊም ስለሆኑ ጠላ አይነኩም፣ እኔ ከጎረቤት ሻይ አስመጣላቸዋለሁ፤ ለወሬው ነበር የሚመጡት። ብርጭቋቸውን አስቀምጠው «አንጓችን የማያውቅ መራጭ ካለ ንፋስ መውጫ አልኖረም ማለት ነው» አሉ። ጨዋታ መስሎኝ ሳቅሁ። በማግሥቱ ሁለቱም ተመልሰው መጡ፣ በሦስተኛው ቀን ቤቱ ሰው ሞላ፣ እንዲህ እንዲህ እያለ ቡድን ሆንን። ስማችን «የላይ ሰፈር ኅብረት» ነው። ሦስት ዕጩ አቀረብን፤ እኔ ለላይ ሰፈር፣ መምህር ይርጋ ለመሀሉ፣ ጋሽ ሰይድ ለገበያው አካባቢ። ሌላ ምንም አላልንም፤ ውኃ ብቻ። በአገሪቱ ላይ ስለሚሆነው ነገር ትልልቆቹ ይናገሩ፣ እኛ ስለ አንድ ቧንቧ ነበር የምንናገረው።

በእኔ ላይ የቆሙት ጋሽ ደምለው ነበሩ፤ የወፍጮ ቤቱ ባለቤት። ክፉ ሰው አልነበሩም፣ ይህን ልናገር። ለቅሶ የማይቀሩ፣ ለደኻ እህል በነፃ የሚያስፈጩ ሰው ናቸው፣ የእኔንም ብቅል ሲፈጩልኝ ኖረዋል። ግን ቧንቧው ደጃቸው ላይ ነው የቆመው። ደጁ ውኃ ያለው ሰው ደግሞ ውኃ ትዝ አይለውም። «ለሚቀጥለው ዓመት እናስብበታለን» ማለት ይወዳሉ። ምልክት ስንመርጥ እሳቸው ሚዛን ወሰዱ። የወፍጮ ቤት ባለቤት ሚዛን! ስንት ሰው ሳቀ። ለእኛ ዶሮም ፋኖስም መሰላልም ነበር፣ እኔ እንስራውን ሳይ ዓይኔ ሌላ አላየም። መምህር ይርጋም «ማንበብ የማይችል ሁሉ ያውቀዋል» ብሎ ጨበጨበ። በዚያ ሰሞን የሰፈሩ ጎረምሳ ሁሉ በኖራ ግድግዳ ላይ እንስራ ሲሥል ነበር። አንዳንዱ እንስራ ዱባ ይመስላል፣ ግን ማን ጠየቀ።

እንግዲህ ወደ ጉዱ ልምጣ። መምህር ይርጋ የሰልፍ ሐሳብ አመጣ። በገበያ ቀን ጠዋት፣ አገሩ ሁሉ ወደ ከተማው ሲጎርፍ፣ የላይ ሰፈር ሴቶች በሙሉ እንስራችንን አዝለን በዋናው መንገድ እንድንወርድ። ደስ አለን። እንስራችንን አጠብን፣ በአንገቱ ላይ ነጭ ጥለት አሰርንለት፣ ናይለን ሻሻችንን አሰርን። እኔ ወገቤን በመቀነት ጥፍር አድርጌ ከፊት ቆምኩ። መምህሩ ከቆርቆሮ የተጠቀለለ መለፈፊያ ይዞ «ውኃ ለላይ ሰፈር!» ይላል፣ እኛ እልል እንላለን። ንፋሱ ከኋላ ይገፋናል፣ ፀሐይዋ ወጥታለች፣ እንደዚያ ቀን ቆንጆ ሆኜ የማውቅ አይመስለኝም።

ከፊታችን መጀመሪያ የመጡት መሪጌታ ነበሩ። ከቤተ ልሔም ደብር በየገበያው በበቅሎ ይመጣሉ፣ ጨውና ሻማ ገዝተው ይመለሳሉ፤ ያገሩ ሰው ሁሉ እሳቸውን ሳይሳለም አያልፍም። እኛን አዩ። በቅሎዋን ገታ አደረጉ። አማተቡ። ከዚያ በቅሎዋን አዙረው በመጡበት መንገድ ሄዱ። ከኋላቸው በግ የሚነዳ ሰው ነበር፤ እሱም መሪጌታን አየ፣ እኛን አየ፣ በጉን አዞረ። ገብስ የጫኑ አህዮች ቆሙ። አንዲት የስማዳ ሴት፣ የእኔው አገር ሰው፣ ቅቤዋን ከራሷ አውርዳ «ምነው እናንተ፣ ምን አደረግናችሁ?» አለችን። ያን ጊዜ ወደ ኋላዬ ዞሬ አየሁ። ያ ሁሉ እንስራ ባዶ ነው።

በእኛ አገር መንገድ የጀመረ ሰው ባዶ እንስራ ከገጠመው ገዱ ጠፋ ማለት ነው፣ ሊሸጥ የወጣውን ይዞ ይመለሳል። የሞላ ከገጠመው ደግሞ ቀንቶት ይውላል። ለዚህ እኮ ነው እኛ ሴቶች ባዶውን ይዘን ወደ ምንጭ ስንወርድ በጓሮ፣ በባሕር ዛፉ ውስጥ የምንሹለከለከው፤ ሞልተን ስንመለስ ነው ቀና ብለን በመንገዱ የምንመጣው። ይህን እናቶቻችን ነግረውናል፣ ለልጆቻችንም ነግረናል፣ በመሀላችን የማታውቅ አንዲት ሴት አልነበረችም። መምህሩስ ከተሜ ነው፣ ይማረው። እኛስ? እያሰብኩ እስካሁን ይገርመኛል። የዚያን ዕለት እንስራው እንስራ አልመሰለንም፣ ምልክት መስሎን ነበር። አጥበን፣ አስጊጠን፣ አዝለን፣ መሙላቱን ረሳነው። ገበያው ያን ቀን ሰው አልቆመበትም። ነጋዴው ሁሉ እኛን ሲራገም ዋለ፣ የጋሽ ሰይድ ጎረቤቶች ሱቃቸውን በቀትር ዘግተው ገቡ።

ከዚያ በኋላ ቤቴ ጭር አለ። ጠላዬ ጋን ውስጥ ሆመጠጠ። በደጄ የሚያልፍ ሰው ወደ ማዶ ይሻገራል፣ «ገደ ቢሷ» እያለ። ጋሽ ደምለው ብቻ መጡ፤ ሊያፌዙ አልነበረም የመጡት፣ ያዘኑልኝ መስሏቸው ነው። መደቡ ላይ ተቀምጠው ያንን የሆመጠጠ ጠላ ፊታቸውን ሳያጨማድዱ ጠጡ።

«አንጓች፣ ስምሽን አንሺ። የሴት ነገር፣ ማንም አይቀየምሽም። እኔ ለሚቀጥለው ዓመት አስብበታለሁ።»

«ጋሼ፣ በሚቀጥለው ዓመት ልጄ ስንተኛ ክፍል ትሆናለች?»

«እኔ ምን አውቄ።»

«የትም። የትም አትሆንም ጋሼ። እሷ ነች የምትቀዳው።»

ሒሳባቸውን ከፍለው ወጡ። ጓዳ ስገባ ዘውዴ ደብተሮቿን በጆንያ ቁራጭ ጠቅልላ ከጣራው ማገር ላይ ስታስቀምጥ አገኘኋት። ሰምታናለች። «እማዬ፣ ተዪው ምርጫውን። እኔ እቀዳለሁ፣ አይደክመኝም» አለችኝ። ተናደድኩ። እግዜር ያሳያችሁ፣ እንደዚያ ተናድጄ አላውቅም። ጥቅሉን ከማገሩ ላይ አውርጄ አስታቀፍኳትና «ሂጂ አጥኚ» አልኳት። ነጠላዬን አንስቼ ጋሽ ሰይድ ሱቅ ሄድኩ፤ መምህሩም እዚያ አንገቱን ደፍቶ ተቀምጧል።

«ባዶ ይዘን ነው ጉድ የሆንነው። እንሙላው» አልኩ።

መምህር ይርጋ ቀና አለ። «ሞልታችሁ ያን ዳገት ወጥታችሁ፣ ከተማውን አቋርጣችሁ? ሴቶቹ ይሞታሉ እኮ እትዬ። እርስዎ ደግሞ ወገብዎ...»

«ማን ሴቶቹ አለ? ወንዶቹ ይሸከሙታል።»

ሱቁ ወንድ ሞልቶበት ነበር። አንዱ ሳቀ፣ አንዱ «እንዴ!» አለ። ወንድ እንስራ አዝሎ! በእኛ አገር ወንድ ግንድ ይሸከማል፣ ኩንታል ይሸከማል፣ እንስራ ግን አያዝልም፤ ቢያዝል ለሰባት ዘር መሳቂያ ነው። ሚስቱ አራስ ሆና እንኳ ጎረቤት ይጠራል እንጂ አይቀዳም። ሳቁ ሲበርድ ጋሽ ሰይድ ሜትራቸውን ጠረጴዛው ላይ አስቀመጡ። «እኔ ኩንታል ጨርቅ ስሸከም ኖሬ ነው ሱቅ የከፈትኩት። ለእኔ እንስራ አበድሪኝ» አሉ። እኚህ የተከበሩ ነጋዴ፣ ሽበታቸው ያማረ። እሳቸው ካሉ ማን ይቀራል? መምህሩም እጁን አወጣ፣ ከዚያ ሌላው፣ ከዚያ ሌላው፤ ላለመቅረት እንጂ የወደደው አልነበረም።

በሚቀጥለው ገበያ ጠዋት ወንዶቹን ይዘን በጓሮ በኩል፣ በባሕር ዛፉ ውስጥ፣ ማንም ሳያየን ወደ ምንጩ ወረድን። ምነው ያኔ እንዲህ ፎቶ የሚያነሳ ስልክ በነበረ! ገመዱን ደረታቸው ላይ ማሰር አያውቁም፤ አንዱ አንገቱ ላይ አስሮ ሊታነቅ ነው፣ አንዱ እንስራውን እንደ ሕፃን ታቅፎታል። ሴቶቹ እየሳቅን አሰርንላቸው፣ «ጎንበስ በል፣ ጎንበስ፣ ወንድ ነኝ ብለህ ቀጥ ካልክ ይደፋብሃል» እያልን። ዳገቱን ሲጀምሩ ይቀልዱ ነበር። ግማሽ ላይ ሲደርሱ ወሬ የለም፣ ትንፋሽ ብቻ ነው የሚሰማ። መምህር ይርጋ ሙጭልጭ ብሎ ወደቀና እንስራው ተንከባሎ ድንጋይ ላይ ፍርክስ አለ፤ ራሱም ከእግር እስከ ራሱ ራሰ። የጎረቤቴ የእማሆይ እንስራ ነበር፣ ኋላ አዲስ ገዝቶ ሰጥቷቸዋል። አንድ ጎረምሳ ቆሞ ላቡን እየጠረገ ሚስቱን «በየቀኑ?» አላት። «ሁለቴ» አለችው። ገመዱን አጠበቀና ወጣ።

ዋናው መንገድ ስንደርስ አገሩ እየመጣ ነው። ሰው አየን። መጀመሪያ ወንዶቹን አየ፣ ሳቀ፤ ከዚያ ውኃው ከእንስራው አፍ እየፈሰሰ ጀርባቸውን ሲያርስ አየ፣ ሳቁ ቆመ። እንደገና ከፊት የመጡት መሪጌታ ናቸው። በቅሎዋ ቆመች። እኔ በቅል ከጋሽ ሰይድ እንስራ ቀድቼ በሁለት እጄ አቀረብኩላቸው። ወረዱ፣ ባርከው ጠጡ፣ ጢማቸውን ጠረጉ።

«አባቴ፣ ባለፈው ገበያ ስላስመለስንዎ ይቅር ይበሉን» አልኳቸው።

«እኔ ገድ በሚሉት አላምንም፣ ካህን ነኝ» አሉ ኮስተር ብለው። «በቅሎዋ ናት የተመለሰችው።»

ሕዝቡ በሳቅ ወደቀ። እሳቸው ራሳቸው ከንፈራቸውን ነክሰው ነበር። ከዚያ ማን ያቁመን! የገጠሩ ሴቶች እልልታውን ለቀቁት፣ እያንዳንዱ መንገደኛ በቅል ተቀብሎ ይጠጣል፣ ቀናኝ ይላል። ያን ቀን ገበያው ሞልቶ ፈሰሰ፣ በጉም ገብሱም ቅቤውም በጊዜ ተሸጠ፤ ሰው ሁሉ በእኛ እንስራ አመካኘው፣ እኛም አይደለም አላልንም። ወፍጮ ቤቱ በር ላይ ጋሽ ደምለው ቆመው ያያሉ። እኔ አንዱን እንስራ አስወርጄ ፊታቸው አስቀመጥኩት። «ጋሼ፣ ከዚህ እስከ ላይ ሰፈር፣ አንድ ጊዜ ብቻ። ከቻሉ ስሜን አነሳለሁ» አልኳቸው። ደሜ ፈልቶ ነበር፣ ምን እንደምናገር አላውቅም። እንስራውን አዩት፣ ሕዝቡን አዩት። «እኔ እንስራ አላዝልም» ብለው ወደ ውስጥ ገቡ። ወንዶቹ በዚያ ጊዜ ገመዱ ደረታቸውን ልጦት ቆመው ነበር፤ ሁሉም ሰማ።

ምርጫው ዕለት ወገቡን ይዞ የማይሰለፍ የላይ ሰፈር ወንድ አልነበረም። ማንበብ የማይችሉ ሽማግሌዎች እንስራው ላይ ጣታቸውን አሳርፈው ሲወጡ «የት ላይ አደረጉ?» ሲባሉ «ከባዱ ላይ» ይሉ ነበር። እኔ አለፍኩ። ጋሽ ሰይድም አለፉ። መምህር ይርጋ ወደቀ፤ ለምን ወደቅህ ሲሉት እስካሁን «እንስራውን ስለሰበርኩ ነው» ይላል። አሁን ደብረ ታቦር ጡረታ ወጥቷል፣ በደወለልኝ ቁጥር ያንኑ ይለኛል።

ወንበሩ ላይ መቀመጥ ሌላ፣ ውኃ ማውጣት ሌላ ነው። ቧንቧው እስኪመጣ ክረምቱ ገብቶ ወጣ። በዚያ መሀል ወንዶቹ «የሴት ልጆቹ ትምህርት እንዳይቋረጥ ጠዋት ጠዋት እኛ በተራ እንቀዳለን» ብለው በሕዝብ ፊት ቃል ገቡ። ጸኑ እንዳትሉኝ። ሳምንት ሳይሞላ አዋጥተው አህያ ገዙ። እኛም እሰየው አልን፤ እኛ ስንሸከም በኖርንባቸው ዓመታት አንድም ቀን አህያ ትዝ ብሏቸው አያውቅም። ቦኖው የተከፈተ ዕለት ጋሽ ደምለው ነጭ ጋቢያቸውን ለብሰው መጡ፣ ከሕዝቡ ጋር አጨበጨቡ። ማታ ቤቴ ሲገቡ ጠላ ቀዳሁላቸው፣ በላይ ሰፈር ውኃ የተጠመቀ። ቀመስ አድርገው ጣሳውን አዩና «ያን ቀን ብሸከመው ኖሮ እኔ ነበርኩ ይህን ቦኖ የምከፍተው» አሉ። «ነበር ጋሼ» አልኳቸው። ነፍሳቸውን ይማር፣ እውነት የሚናገሩ ሰው ነበሩ። ዘውዴ ከዚያ በኋላ አንድም ቀን አርፍዳ አታውቅም። ተምራ፣ ተምራ፣ ዛሬ እስቴ ላይ አስተማሪ ናት። ልጇ ናት ምንታምር።

እንግዲህ ወደ ሆቴሉ ልመለስ። ስብሰባቸውም ያው ስለ ውኃ ነው። ያ ቧንቧ አርጅቷል፣ ከተማው ሰፍቷል፣ ውኃ በሳምንት አንዴ ብቅ ብሎ ይሄዳል፤ ሰው በባጃጅ እያስጫነ ይገዛል። ልጆቹ ጎበዞች ናቸው፣ ንግግራቸው ያማረ ነው፣ በስልካቸው ለዓለም ሁሉ ያሳያሉ። መጨረሻ ላይ ምንታምር ተነሥታ ለገበያ ቀን ያሰቡትን ተናገረች፤ ባጃጆቹ በሙሉ ቢጫ ጀሪካን ታስሮባቸው፣ ክላክስ እያሰሙ በዋናው መንገድ እንዲወርዱ። ሁሉም አጨበጨበ። እኔ እጄን አወጣሁ። ጌጥ ሆና የተጠራች አሮጊት እጇን ስታወጣ ይደነግጣሉ።

«ጀሪካኑ ባዶ ነው?»

«አዎ እማማ፣ ለማሳየት እኮ ነው። ውኃ የለም ለማለት» አለች ምንታምር። አንዱ ባለ መነጽር ልጅ ደግሞ ቀስ ብሎ «የገድ ነገር አሁን ማንም አያምንበትም እማማ» አለኝ፣ በትሕትና።

«እኔም አላምንበትም፤ በቅሎ ስለሌላችሁ ነው እንጂ» አልኩት። ነገሩን ስላላወቀ ፈገግ አለ። «ምንታምር፣ ነገ ጠዋት ጀሪካን ይዘሽ ነይ። እነዚህንም ይዘሻቸው ነይ። ባጃጅ አልፈልግም።»

ዘውዴ ከእስቴ መጥታ ነበር፣ ልጇን ልታይ። ጠዋት ሁላችንም በጓሮ በኩል ወረድን፤ ባሕር ዛፉ ከተቆረጠ ቆይቷል፣ መንገዱን ግን እግሬ ያውቀዋል። እኔ በምርኩዝ ግማሽ ድረስ ደርሼ ድንጋይ ላይ ተቀመጥኩ። ምንጩ አለ፣ ቀጥኗል እንጂ አለ። ባለ መነጽሩ ልጅ ጀሪካኑን ሞልቶ በአንድ እጁ ሊያነሣ ሲል ወደ ጎን ሄደ። ምንታምር የእሷን ሞላች፤ ዘውዴ ከኋላ ሆና ገመዱን ደረቷ ላይ አሰረችላት፣ እጇ አልረሳውም። ልጅቷ ዳገቱን ጀመረች። ፎቶ የሚያነሣ ጓደኛዋ ነበር፣ መጀመሪያ ሳቀችለት፣ ቀጥሎ ተወችው። እኔ የተቀመጥኩበት ድንጋይ ጋ ስትደርስ ፊቷ ቀልቷል፣ ቀሚሷ ከኋላዋ ርሷል። ቆማ ተነፈሰች። ቁልቁል ምንጩን አየች፣ ሽቅብ ሰፈሩን አየች፣ ከዚያ ወደ እናቷ ዞረች።

«እማዬ፣ አንቺ ይህን ትቀጂ ነበር?»

«ከትምህርት ቤት በፊት» አለች ዘውዴ።

ምንታምር ጎንበስ አለች፣ ገመዱን ወደ ላይ ሳብ አደረገችና ዳገቱን ቀጠለች፣ እኛም ተከተልናት።